የበርሜሉ ልክ፦ 30 ሊትር ወይስ 50?

በጋይንቷ አርብ ገበያ ከተማ ለሠርግ ጠላ የሚጠነስስ ባለሙያ የተጋባዡን ብዛት ጠይቆ አያበቃም፤ ድግሱ ስንት ቀን እንደሚዘልቅም ያጣራል። ጋኑ በግራዋ ታጥቦ፣ በወይራ ታጥኖ፣ አፉ ተመርጎ እስከተቀመጠ ድረስ ጠላው ይቆያል። ከተከፈተ በኋላ ግን አየር ያገኘዋል፤ መምጠጥ ይጀምራል። ስለዚህ ሁለት መካከለኛ ጋን ጠምቆ በየተራ መክፈት አንድ ግዙፍ ጋን ከፍቶ ከመሯሯጥ ይሻላል። ድራፍት ቤት ለመክፈት ወይም ለድግስ በርሜል ለማዘዝ ላሰበ ሰውም ቀዳሚው ጥያቄ ይኸው ነው፤ ከተከፈተ በኋላ በስንት ቀን ያልቃል?

የቢራ በርሜል በየአገሩ ልኩ ይለያያል። በአውሮፓ የተለመዱት 20፣ 30 እና 50 ሊትር ናቸው፤ የአሜሪካኖች ትልቁ በርሜል 58.7 ሊትር ገደማ ይይዛል። ልኩ አብዛኛውን ጊዜ ብረቱ ላይ ተቀርጾ ስለሚገኝ ከወኪሉ ሲረከቡ ማንበብ ነው። እኛ በሳጥን መቁጠር ስለለመድን በሳጥን እናስላው። ባለ 24 ጠርሙስ ሳጥን፣ ጠርሙሱ 330 ሚሊ ሊትር ሲሆን፣ 8 ሊትር ሊሞላ ጥቂት ይቀረዋል። እንግዲህ ባለ 30 ሊትሩ በርሜል ወደ 90 ጠርሙስ፣ ማለትም አራት ሳጥን ሊሞላ ትንሽ የቀረው ነው። ባለ 50ው 150 ጠርሙስ ያህል፣ ከስድስት ሳጥን ጥቂት ይበልጣል። በአረፋና በቧንቧ የሚቀረው ከዚህ ይቀነሳል።

በርሜሉ ውስጥ ከአፉ እስከ ሥሩ የሚወርድ ቀጭን ቱቦ አለ። ጋዙ ከላይ ገብቶ ቢራውን ወደ ታች ሲጫነው፣ ቢራው በቱቦው ሽቅብ ወጥቶ ወደ ብርጭቆ ይሄዳል። የሚገፋው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ከሆነና ቅዝቃዜው ካልተቋረጠ ቢራው ከተከፈተ በኋላም ለቀናት፣ እስከ ሳምንትና ከዚያም በላይ ጣዕሙን ይጠብቃል። በእጅ ፓምፕ አየር የሚነፋበት ከሆነ ግን በማግስቱ ጣዕሙ ይለወጣል። የእጅ ፓምፕ ያለው ሰው በአንድ ቀን የማያልቅ በርሜል ባይከፍት ይመረጣል።

የጋይንት ደጋ የራሱ ጠባይ አለው። የአካባቢው ከተማ ነፋስ መውጫ ከባሕር ወለል በላይ 3,000 ሜትር ገደማ ነው፤ እዚያ ከፍታ ላይ የአየሩ ግፊት የባሕር ዳርቻውን 70 በመቶ ያህል ብቻ ነው። ቢራው ከቧንቧው ሲወጣ የሚጫነው አየር ቀላል ስለሆነ ጋዙ ቶሎ ይለቅና አረፋው ይበዛል። ለቆላ የተስተካከለ የጋዝ መቆጣጠሪያ ደጋ ላይ እንደገና ማስተካከል ይፈልጋል። አረፋው ሲያስቸግር ብዙ ሰው ጋዙን ጭራሽ ይዘጋዋል፤ ያኔ ቢራው በርሜሉ ውስጥ እንዳለ ጋዙን እያጣ ይሞታል። መጀመሪያ መፈተሽ ያለበት ቅዝቃዜው ነው፤ የሞቀ ቢራ የትም ቢሆን አረፋ ብቻ ነው።

መብራት በሚቆራረጥበት ከተማ ትንሹ በርሜል የሚመረጠውም ለዚህ ነው። በርሜሉ ቢሞቅ የሚበላሸው 30 ሊትር እንጂ 50 አይደለም። ክብደቱም ቀላል ነገር አይደለም፤ ባለ 50ው ሲሞላ ከ60 ኪሎ ያልፋል፣ ባለ 30ው ወደ 40 ኪሎ ነው። ከመኪና አውርዶ በጠባብ በር ለሚያስገባ አንድ ጎልማሳ ልዩነቱ የወገብ ጉዳይ ነው።

በሊትር ሲታሰብ ትልቁ ይረክሳል የሚለው ስሌት ብዙ ሰው ያሳስታል። ቅናሽ ቢኖር እንኳ የሚተርፈው ቢራው ሳይበላሽ ሲሸጥ ብቻ ነው። ገበያው በሚቆምበት ቀን ቤቱ ሞልቶ በቀሪዎቹ ቀናት ጥቂት ደንበኛ ብቻ ለሚመጣበት ቤት ባለ 30ውን ደጋግሞ ማዘዝ ያዋጣል። ባለ 50ው የሚሆነው ለጥር ሠርግና ለፋሲካ ማግስት ነው። ዐቢይ ጾም ሲገባ ሠርጉ ይቆማል፣ ጠጪውም ይቀንሳል፤ ስለዚህ በቅበላ ሰሞን የመጨረሻውን ትልቅ በርሜል ከማዘዝ በፊት መጋዘን ያለውን መቁጠር ያስፈልጋል።

በርሜሉ ሲደርስ የአፉ ማሸጊያ አለመነካቱንና ቀኑን ማየት፣ በመንገድ ተንገላትቶ ስለሚመጣም ወዲያው አለመክፈት። ቀዝቃዛ ቦታ ቆሞ ቢያድር ይረጋጋል። ባዶውም አይጣልም፤ የፋብሪካው ንብረት ነውና መያዣ ተከፍሎበት ከሆነ ደረሰኙን ከበርሜሉ ጋር መመለስ ነው።