ዕድገትና ደብዳቤ

ከጭሮ ወደ መሰላ በሄድን ጊዜ፣ ከመሥሪያ ቤቶች በአንዱ (ስሙን መጥራት አያስፈልግም) ሰዎች በማስታወቂያ ሰሌዳ ፊት ተሰብስበው አገኘን። የተለጠፈው ለደረጃ ዕድገት የሚወዳደሩት ሰዎች ዝርዝር ነበር። አንድ ጠና ያሉ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ስማቸውን ፈልገው አጡት። አለቃቸው ከተዛወረ ጀምሮ ሁለት ዓመት ሙሉ የኀላፊነቱን ሥራ የሠሩት እርሳቸው ናቸው፤ ነገር ግን የውክልና ደብዳቤ አልተጻፈላቸውም። «ጋሼ፣ በቃል የታዘዘ ሥራ ልምድ ተብሎ አይያዝም» አሏቸው።

ክርክሩ አዲስ አይደለም። የመንግሥት ሠራተኞችን አስተዳደር የሚመራ ማዕከላዊ መሥሪያ ቤት በ1954 ዓ. ም. ሲቋቋም፣ ዓላማው ቅጥርና ዕድገት በችሎታ እንዲሆን ነበር። የ1987 ዓ. ም. ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 52 ክልሎች የሠራተኞቻቸውን ሕግ እንዲያወጡ ሲፈቅድ፣ ለሥራው የሚጠየቀው ትምህርት፣ ሥልጠናና ልምድ ከአገር አቀፉ መመዘኛ ጋር እንዲቀራረብ ያዛል። እንግዲህ ልምድ የሚባለው የተሠራው ሥራ ነው ወይስ ማኅተም ያረፈበት ወረቀት?

እኛ የዲግሪያችን ቀለም ገና ያልደረቀ ነንና ለወረቀት ብንፈርድ ባላስገረመ። ደግሞም ወረቀት ባይጠየቅ ማንም ተነሥቶ «ሠርቻለሁ» ሊል ይችላል። ይሁን እንጂ ደብዳቤውን መጻፍ የነበረበት አዛዡ እንጂ ታዛዡ አልነበረም። በአዛዥ ቸልተኝነት ሠራተኛ ደረጃውንና የደመወዝ ጭማሪውን ቢያጣ ፍርድ ጎደለ እንላለን።

ሰውየው ለቅሬታ አጣሪው ኮሚቴ አመልክተዋል። ማስረጃቸው በኀላፊው ቦታ የፈረሙባቸው የገቢና የወጪ መዝገቦች ናቸው። ስንለያቸው ሁለቱን ጥራዞች በብብታቸው ይዘው በር ላይ ተራ ይጠብቁ ነበር።