ጎተራ ሲሞላ ሐምሌን እናስብ

በጥር ወር ጎተራው ሙሉ ነው። በሐምሌና በነሐሴ ግን ብዙ ቤት ይጎድላል። ታዲያ የጥር እህል እንዴት ሐምሌ ይድረስ?

አንድ የገበሬ ቤተሰብ እንውሰድ። ዘንድሮ ጤፍና በቆሎ አግኝቷል። ልጅ ለመዳርም ቀን ቆርጧል። ማታ እሳት ዳር ምክር ተጀመረ።

ባል፦ «ጤፉን ሸጠን ደህና አድርገን እንደግስ። የሰው ድግስ ስንበላ ኖረን፣ በራሳችን ጊዜ ብንሰስት ሰው ምን ይለናል? ደግሞስ ብር ቢቀመጥ ይረክስ የለም ወይ?»

ሚስት፦ «ሰው በሐምሌ አያበላን! ዘሩን ከሸጥን ምን እንዘራለን? ማዳበሪያውንስ በአራጣ ልንገዛ ነው?»

ሁለቱም እውነት አላቸው። ድግስ ብድር ነው፤ የበላ ያበላል። ብርም ረክሷል። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ተደረገ። ያን ጊዜ 1 ዶላር 57 ብር ገደማ ነበር። በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። ከውጭ የሚመጣ ዕቃ የሚገዛው በዶላር ነውና ኑሮው ከበደ።

የባል እናት ሰምተው ሲያበቁ እንዲህ አሉ፦ «ልጆቼ፣ መቆጠብ ብር መቅበር ብቻ አይደለም። እህሉን እንደየሥራው እንለየው።»

1. መጀመሪያ ዘር ይውጣ። 1 ሄክታር ጤፍ በብተና ሲዘራ ከ25 እስከ 30 ኪሎ ገደማ ዘር ይፈልጋል። ይህ አይነካም።

2. ቀጥሎ እስከ አዲሱ እህል የሚበላው ይለካ። ጤፍን ነቀዝ አይደፍረውም። በቆሎን ግን ይፈጀዋል። ስለዚህ በቆሎው በደንብ ይድረቅ። ከዚያ አየር በማያስገባ ባለ3 ሽፋን ከረጢት ይታሰር። ነቀዙ አየር አጥቶ ይሞታል።

3. የሚሸጠው ሁሉ በጥር አይሸጥ። በጥር ሁሉም ስለሚሸጥ ዋጋው ይወርዳል። ግማሹ ክረምትን ይጠብቅ።

4. ከሽያጩ ብር ሴት በግ ይገዛ። በግ በ5 ወሯ ትወልዳለች።

ሚስት፦ «እማማ፣ በጓ ብትሞትስ?»

«ለዚህ እኮ ነው ሁሉን በአንድ ቦታ የማናስቀምጠው። ጥቂት ብር ለዕቁብ፣ ጥቂት ለማዳበሪያ ይቀመጥ። ድግሱ ከተረፈው ይሁን።»

3 ቀን የታሰበው ድግስ 1 ቀን ሆነ። ባል ትንሽ ቅር አለው። ዘሩ ግን በዚያው ሌሊት ተለክቶ ለብቻው ተቋጠረ። ሳይቃጠል በቅጠል ማለት ይህ ነው።

አንባቢ ሆይ፣ በቤትህ፣ በቤትሽ ከአዝመራው መጀመሪያ የሚወጣው ምንድን ነው? ዘሩ ነው ወይስ የድግሱ? ከቤተሰብ ጋር ተወያዩበት።