የአባባን ከዘራ ለክታችሁ ታውቃላችሁ?

«አጋዥ ቴክኖሎጂ» ሲባል ብዙዎቻችን ከውጭ የሚመጣ ውድ ማሽን ይመስለናል። ግን መነጽርም፣ ዊልቸርም፣ አባባ የሚይዙት ከዘራም አጋዥ ቴክኖሎጂ ነው። ልኩ ካልሆነ ግን ራሱ ይጥላል። በእርጅና ዘመን ደግሞ አንድ መውደቅ የዳሌ አጥንት ሊሰብር ይችላል።

ከአምቦ፣ ከጉደር ወይም ከጊንጪ ገበያ ከዘራ ስትገዙ እነዚህን እዩ፦

✔️ ቁመቱ፦ አባባ ጫማ አድርገው ቀጥ ብለው ይቁሙ፤ እጃቸውን ወደ ታች ይልቀቁት። መያዣው ከእጅ አንጓቸው እኩል ይሁን። ከረዘመ ትከሻ ያሳምማል፤ ካጠረ ያጎብጣል።

✔️ በየትኛው እጅ? እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። የሚያመው ቀኝ ጉልበት ከሆነ በግራ እጅ ነው የሚያዘው። ከዘራው ከታመመው እግር ጋር እኩል ይራመድ።

✔️ ጫፉ፦ ጎማ ይኑረው። እርጥብ ሴራሚክ ላይ እንጨት ያንሸራትታል፤ ጎማው ሲያልቅም ቀይሩት።

ከዘራው ልክ ሆኖ በሩ ላይ ደረጃ ካለስ? ፋርማሲ፣ ክሊኒክ ወይም ሱቅ ያላችሁ፣ ይሄ ለእናንተ ነው። ለ1 ሴ.ሜ ከፍታ 12 ሴ.ሜ የሚረዝም ራምፕ ይሠራል፤ ለ15 ሴ.ሜ ደረጃ 180 ሴ.ሜ ማለት ነው። በዊልቸር የሚሄዱ ሰዎች የሕዝብ ሕንፃ መግባት እንዲችሉ የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624 በ2001 ዓ.ም. ደንግጓል። ራምፑ ለነፍሰ ጡርም፣ ልጅ ላዘለችም ይጠቅማል።

ዛሬ ማታ የአባባን ወይም የእማማን ከዘራ ለኩ። ለወዳጆቻችሁም ሼር አድርጉ!