የዘፈኑን ሒሳብ የሚከፍለው ማን ነው?

በካሴት ዘመን ነገሩ ቀላል ነበር። አድማጩ ከሙዚቃ ቤት ካሴት ይገዛል፤ አሳታሚው ለድምፃዊው አስቀድሞ በአንድ ጊዜ ይከፍላል። ከዚያ በኋላ ካሴቱ ቢቸበቸብም መደርደሪያ ላይ ቢቀርም ትርፉም ኪሳራውም የአሳታሚው ነው። ኮፒ አባዢው ሲበረታ፣ ኋላም በየሰፈሩ በፍላሽና በሚሞሪ ዘፈን የሚጭኑ ሱቆች ሲከፈቱ ግን ኦሪጅናል የሚገዛ ጠፋ።

ዩቲዩብ አድማጩን ጭራሽ ከሒሳቡ አወጣው፤ አሁን ከፋዩ ማስታወቂያ አስነጋሪው ነው። ረዘም ባሉ ቪዲዮዎች ላይ ከሚታየው ማስታወቂያ ገቢ 55 በመቶው ለቻናሉ ባለቤት ይደርሳል፣ ቀሪው ለዩቲዩብ። ለዚህ ለመብቃት የተለመደው መስፈርት 1,000 ሰብስክራይበርና በ12 ወር ውስጥ 4,000 የታየ ሰዓት ነው።

ለእኛ ዘፈን ወሳኙ ግን ተመልካቹ ያለበት አገር ነው። ማስታወቂያው የሚሸጠው በጨረታ ስለሆነ ዋሽንግተን ላለው ተመልካች ብዙ ድርጅት ይሻማል፤ ደሴ ላለው ጥቂት። ስለዚህ እኩል ሚሊዮን ቪው ያላቸው ሁለት ክሊፖች የሚያስገቡት ገንዘብ ለየቅል ነው። ኢትዮጵያ ለዓመታት ክፍያ ከተፈቀደላቸው አገሮች ዝርዝር ውስጥ ስላልነበረችም፣ ብዙ ቻናል የተመዘገበው ውጭ ባለ ዘመድ አድራሻ ነው። ዝምድናው የሻከረ ዕለት ምን ሊመጣ እንደሚችል መገመት አያቅትም።

አድማጩ ራሱ እንዲከፍል የተሞከረም አለ። የሙዚቃ አቀናባሪው ኤልያስ መልካና የሙያ ጓደኞቹ በ2011 ዓ.ም. ሥራ ያስጀመሩት አውታር የተባለ የስልክ መተግበሪያ ዘፈንን በስልክ ሒሳብ ይሸጥ ነበር። ሐሳቡ ድንቅ ነው፤ ያው ዘፈን ዩቲዩብ ላይ በነፃ ሲገኝ መሸጡ ግን ከባድ ነው።

ሌላው ለውጥ ስርቆትን ይመለከታል። ዩቲዩብ ኮንቴንት አይዲ የሚባል የማመሳከሪያ ሥርዓት አለው። ባለቤቱ የዘፈኑን ቅጂ አንዴ ካስመዘገበ፣ አንድ ሙሽራ የሠርጉን ቪዲዮ ሲጭን ከኋላ የሚሰማውን ዘፈን ሥርዓቱ ይለየዋል። ባለቤቱም ቪዲዮውን ሊያግድ፣ ዝም ብሎ ሊከታተል ወይም የማስታወቂያውን ገቢ ለራሱ ሊያደርግ ይችላል። ሙዚቃ ቤት በር ላይ ኮፒ ነጋዴ ሲያሳድድ ለኖረ አሳታሚ ይህ ተአምር ነው።

ችግሩ ማሽኑ ዘፈኑን እንጂ ባለቤቱን አያውቅም፤ ያስመዘገበውን ያምናል። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የግጥምና የዜማ ደራሲውን፣ የድምፃዊውንና የድምፅ ሪከርዲንግ ፕሮዲውሰሩን መብት ለየብቻ አስቀምጧል። የካሴት ዘመን ውሎች ግን ኢንተርኔትን አያውቁም፤ በቃል ብቻ የተደረጉም አሉ። አሳታሚው «ገዝቼዋለሁ» ይላል፣ ድምፃዊው «የሸጥኩት ካሴቱን ነው» ይላል። ዩቲዩብ ደግሞ እንዲህ ያለውን የባለቤትነት ክርክር አይዳኝም፤ ተነጋግራችሁ ጨርሱ ነው የሚለው። ዛሬ የሚፈርም ድምፃዊ ቻናሉ በማን ስም እንደሚከፈት፣ ኮንቴንት አይዲውን ማን እንደሚያስመዘግብና ገቢው ስንት እጅ እንደሚካፈል ከፊርማው በፊት ማስጻፍ ይኖርበታል።