«ካቴጎሪ 1 ብቻ ነው» አትበሉ

እ.ኤ.አ. በጁላይ 2024 ሃሪኬን ቤሪል ወደ ቴክሳስ ጠረፍ ሲቃረብ፣ ሂዩስተን ባሉ ወገኖቻችን መካከል ሲዘዋወር የነበረ የድምፅ መልእክት እኔም ስልክ ላይ ደረሰ። «ካቴጎሪ 1 ብቻ ነው፤ አትሸበሩ። መስኮቱን በፕላስተር መስቀለኛ ለጥፉና ተኙ» ይላል። ተናጋሪው ክፉ አስቦ አይደለም። ሁለቱም ምክሮች ግን ሰው ያስገድላሉ፤ እንዲህ ያለውን ነገር በየዓመቱ መስማት ሰልችቶኛል። ቤሪል ጁላይ 8 ቀን ከባሕር ሲወጣ በእርግጥም ካቴጎሪ 1 ነበር። በሂዩስተንና አካባቢዋ ከ2 ሚሊዮን በላይ ደንበኞች በዚያ ሐሩር መብራት አጡ።

ካቴጎሪው የሚለካው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ለአንድ ደቂቃ ሳያቋርጥ የሚነፍሰውን ከፍተኛ ነፋስ። በሰዓት 119 ኪሎ ሜትር ሲደርስ 1፣ 252 ሲደርስ 5 ይባላል። ስለ ዝናቡ፣ ስለ ባሕሩ ሙላት አንዲት ቃል አይናገርም። እኛም በአማርኛ «አውሎ ነፋስ» እያልን ነገሩን አባብሰነዋል። ቃሉ ሜዳ ላይ አቧራ የሚያዞረውን፣ ቶርኔዶን፣ ሃሪኬንን በአንድ ከረጢት ይከታል፤ ሰሚውም ስለ ነፋስ ብቻ እንዲያስብ ያደርገዋል። ስለዚህ እዚህ «ሃሪኬን» እላለሁ። በአሜሪካ ከ1963 እስከ 2012 ሃሪኬንና መሰል ወጀቦች በቀጥታ ከገደሏቸው ሰዎች ከ10 ዘጠኙን ያህል የገደላቸው ውኃ ነው።

ይህ ሁሉ ውኃ ከየት ይመጣል? ቡና የምታፈሉ ታውቁታላችሁ፤ ከጀበና አፍ የሚወጣ እንፋሎት ጣት ሲነካ ከፈላ ውኃ ብሶ ያቃጥላል። ውኃ ሲተን ሙቀት ተሸክሞ ይነሣል፤ ጣታችን ላይ ተመልሶ ውኃ ሲሆን ሸክሙን ያራግፋል። ሸክሙ ደግሞ ከባድ ነው፤ የ1 ሊትር ውኃ እንፋሎት ተመልሶ ውኃ ሲሆን የሚለቀው ሙቀት 7 ሊትር ያህል ቀዝቃዛ ውኃ ያፈላል።

አሁን ምጣዱን ባሕር፣ አክምባሎውን ሰማይ አድርጉት። ባሕሩ እስከ 26.5 ዲግሪ ሴልሺየስ ገደማና ከዚያ በላይ ሲሞቅ እንፋሎቱ በብዛት ይነሣል። ከፍ ሲል ይቀዘቅዛል፤ አክምባሎ ውስጥ እንደሚጠራቀመው ጠብታ ይሆናል፤ ሙቀቱንም እዚያው አየር ውስጥ ይጥላል። የሞቀው አየር ቀልሎ ይወጣል፤ ከሥሩ ያለው ግፊት ይወርዳል። በዙሪያው ያለው አየር ወደዚያ ይሮጣል፤ እየሮጠ ከባሕሩ ሌላ እንፋሎት ያነሣል፤ ያም ከፍ ብሎ ሌላ ሙቀት ይጥላል። የምድር መሽከርከር ያዞረዋል። የምንፈራው ነፋስ የዚህ ሥራ ውጤት ነው፤ ነዳጁ ግን እንፋሎት ነው።

ሃሪኬኑ መሬት ሲረግጥ ነዳጁ ይቋረጥበታል። ነፋሱ ይደክማል፣ የካቴጎሪው ቁጥር ይወርዳል፣ ሰውም ይረጋጋል። የጭነት መኪና ሞተሩ ቢጠፋ ግን የጫነው ጭነት እዚያው አለ። ሃሪኬን ሃርቪ ኦገስት 25 ቀን 2017 በቴክሳስ ሮክፖርት አጠገብ ሲገባ ካቴጎሪ 4 ነበር፤ በማግስቱ ከሃሪኬንነት ወረደ። ሂዩስተንን ያሰጠማት ከዚያ በኋላ ነው፤ ለቀናት ከአካባቢው ሳይርቅ፣ በአንድ ክንፉ በአቅራቢያው ካለው ባሕረ ሰላጤ እየቀዳ አዘነበባት። ኔደርላንድ በምትባል የቴክሳስ ከተማ 1,539 ሚሊ ሜትር ዝናብ ተለካ፤ አዲስ አበባ ዓመቱን ሙሉ ከምታገኘው ይበልጣል። ውኃው ሲጎድል አንድ ወዳጄ ቤት ገብቼ ነበር። ሳሎኑ ግድግዳ ላይ እስከ ወገቤ የሚደርስ ቡናማ መስመር ተሰምሯል። ከመስመሩ በላይ የልጆቹ ፎቶ እንደተሰቀለ ነው። አንድም የመስኮት መስታወት አልተሰበረም።

ባሕሩም አለ። ነፋሱ ጥልቀት በሌለው ጠረፍ ላይ ውኃውን እየገፋ ይከምረዋል፤ ባሕሩ ራሱ እንደ ክረምት ወንዝ ይሞላል። ሃሪኬን አይክ በ2008 የቴክሳሷ ጋልቬስተን ሲደርስ ካቴጎሪ 2 ነበር፤ በቦሊቫር ባሕረ ገብ መሬት ሙላቱ ከ4.5 ሜትር አልፏል።

የካቴጎሪው ቁጥር ዋጋ ቢስ ነው ማለቴ አይደለም። ጣሪያ የሚገነጥለው ነፋሱ ነው። እኛም ባለሙያዎቹ በመለኪያው አልተስማማንም፤ ገሚሱ ዝናብና ሙላትን ያካተተ ሌላ ቁጥር ይውጣ ይላል፤ ገሚሱ ሕዝብ የለመደውን መለወጥ ያደናግራል ይላል። ሃሪኬኖች ወደፊት በብዛት ይጨምሩ እንደሆነም ገና ያከራክራል። አየር በ1 ዲግሪ በሞቀ ቁጥር 7 በመቶ ያህል ተጨማሪ እንፋሎት መያዝ መቻሉ ግን አያከራክርም።

ወደ ቤታችን እንመለስ። ፕላስተር መስታወትን ከመሰበር አያድንም፤ ኮምፔንሳቶ ምቱበት። ከዚያ በፊት ግን ቤታችሁ በየትኛው የመልቀቂያ ቀጠና እንዳለ ዛሬውኑ እወቁ፤ ልቀቁ ስትባሉ ልቀቁ። የመጠጥ ውኃ ለአንድ ሰው በቀን 4 ሊትር ያህል ያዙ፤ መድኃኒትና ባትሪም አትርሱ። የተለመደው የቤት ኢንሹራንስ ጎርፍን አይሸፍንም፤ የፌዴራሉ የጎርፍ ኢንሹራንስ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ ከተገዛ 30 ቀን ካልሞላው አይሠራም። ወቅቱ ጁን 1 ስለሚጀምር ደመናው ሲታይ መሯሯጥ አያዋጣም። 30 ሴንቲ ሜትር የሚሆን ኃይለኛ ጎርፍ ትንሽ መኪና ይወስዳል፤ አትዳፈሩት።

መብራት ሲጠፋ የሚመጣ ሌላ ሞት አለ፤ እኛ ከልጅነታችን እናውቀዋለን። ጀነሬተር ከቤት ቢያንስ 6 ሜትር ርቆ ውጭ ይቀመጥ፤ ጋራዥም ውስጥ አይሁን። ከሰልም እንዲሁ። ውጭ እየዘነበ፣ መስኮት ተዘግቶ፣ ጎረቤት ተሰብስቦ ቡና ያምራል፤ የከሰሉ መርዝ ግን ሽታ የለውም። ቡናው ይቆይ። ዝናቡ ሲያባራ በረንዳ ላይ ይፈላል።