ነፍስ የዘራ ሥዕል፦ ከጼዴንያ እስከ «ሰይጣን ቤት»

ጄ. ስቱዋርት ብላክተን እ.ኤ.አ. በ1900 በአሜሪካ የሠራው ድምፅ አልባ ፊልም ታሪኩ አጭር ነው። ሰዓሊው በሰፊ ወረቀት ላይ የሰው ፊት፣ ጠርሙስና ብርጭቆ ይሥላል። ጠርሙሱንና ብርጭቆውን ከወረቀቱ አንሥቶ ቀድቶ ሲጠጣ የተሣለው ሰውዬ ፊቱን ያኮሳትራል፤ ሲያጠጣው ግን ፈገግ ይላል። ፈረንሳዊው ጆርጅ ሜልየስ ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ በሠራው ፊልም ደግሞ ቀራፂው ነፍስ የዘራችውን ሐውልት ሊያቅፍ ሲል ታመልጠዋለች። ሳቁ የሚመነጨው የተሠራው በሠሪው ላይ ከመቀለዱ ነው።

በእኛም ሥነ ጽሑፍ ሥዕል ነፍስ ይዘራል፤ ዓላማው ግን ሌላ ነው። መስከረም 10 ቀን የምትታሰበው የጼዴንያ ሥዕል ሥጋ ለብሳ ቅባት ታንጠባጥባለች። ይህን መሰል ታሪክ የያዘው ተአምረ ማርያም መነሻው አውሮፓ ሲሆን በዐረብኛ በኩል ወደ ግዕዝ ተመልሷል። ከመንዝ ደጋ በስተደቡብ፣ ደብረ ብርሃን ላይ የከተመው ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ (እ.ኤ.አ. 1434-1468) በቤተ ክርስቲያን እንዲነበብ አዘዘ። በመንዝ፣ በግሼና በመርሐቤቴ አጥቢያዎች ተአምሩን የሚያዳምጠው ምእመን ሥዕሉንም በዚያው ስፍራ ያየዋል። ሥዕሉ መጋረጃ አለው፤ ሲገለጥ ይታያል፣ ሲከደን ይሰወራል። (የመድረክ መጋረጃ ከመምጣቱ በፊት መጋረጃን ለትዕይንት ማዋል በዚህ ደጋ አዲስ አልነበረም ለማለት ያስደፍራል።)

ከሁሉ ይልቅ ዐይኑን ልብ ይሏል። በቆየው የአሣሣል ልማድ ጻድቅ በሁለት ዐይኑ ፊት ለፊት ይመለከታል፤ ክፉው በጎን ተሥሎ አንድ ዐይን ብቻ ይታይለታል። የክታብ ሥዕሎችም ዐይናቸው የሚጎላው ጋኔኑን አፍጥጠው እንዲያባርሩ ነው። እንግዲህ ሥዕሉ የሚኖረው ስለሚያይ ነው፤ ለሚማፀነውም ይደርሳል።

በአዲስ አበባ የመጀመሪያው የሲኒማ ቤት «ሰይጣን ቤት» የሚል ስም የወጣለት በዚህ ዐይን ለሚያይ ሕዝብ ነው። ስሙ ብዙ ጊዜ የኋላ ቀርነት ምልክት ተደርጎ ይሳቅበታል። በዚህ ጸሐፊ አስተያየት ግን ሂስ ነው። የሲኒማው ሥዕል ማንም ሳይማፀነው፣ በጨለማ ውስጥ ይንቀሳቀሳል፤ ተመልካቹንም አያየውም። ተአምረ ማርያምን ሲሰማ ያደገ ሰው ለእንዲህ ያለው ሥዕል የነበረው ሌላ ስም ምን ነበር?