ሳዶርና ሮዳስ፦ በክታብ ጽሑፍ ውስጥ የድምፅና የፊደል ግንኙነት

በአገራችን የክታብ ጽሑፎች ውስጥ ለአንባቢ አስቸጋሪ ከሆኑት ክፍሎች ቀዳሚው «አስማት» የሚባለው ነው። ቃሉ በግእዝ «ስሞች» ማለት ሲሆን፣ በክታብ ውስጥ ኃይል እንዳላቸው የሚታመኑ ኅቡኣት ስሞችን ያመለክታል። ከእነዚህ ስሞች ብዙዎቹ በግእዝ መዝገበ ቃላት ቢፈለጉ አይገኙም፤ በዚህም ምክንያት ትርጉም የለሽ ተብለው ይታለፋሉ። ይህ ጽሑፍ ግን አስማት በፊደል የተቀመጠ የድምፅ ቅርስ ስለ ሆነ፣ በቅድሚያ እንደ ድምፅ ሊጠና እንደሚገባው በአንድ ምሳሌ ያስረዳል።

ክታብ ከበግ ወይም ከፍየል ቆዳ በተዘጋጀ ጠባብና ረጅም ብራና ላይ፣ በጥቁርና በቀይ ቀለም፣ ብዙውን ጊዜ በደብተራ እጅ ይጻፋል። ርዝመቱ ብዙ ጊዜ ከባለቤቱ ቁመት ጋር እንዲመጣጠን ይደረጋል። በውስጡ ጸሎት፣ እንደ ቅዱስ ሱስንዮስና ውርዝልያ ያለ ታሪክ፣ የመላእክትና የዓይን ሥዕል፣ እንዲሁም የባለቤቱ የክርስትና ስም ይገኛል። ባለቤቱ ማንበብ ባይችልም ተጠቅልሎ በቆዳ የተሰፋውን ክታብ በአንገቱ ያስረዋል። እንግዲህ ክታብ የሚነበብ ብቻ ሳይሆን የሚታይና የሚያዝም ጽሑፍ ነው።

ምሳሌያችን በቤተ ክርስቲያን የአምስቱ ቅንዋተ መስቀል ስሞች ተብለው የሚታወቁት ሳዶር፣ አላዶር፣ ዳናት፣ አዴራ እና ሮዳስ ናቸው። እነዚህ ስሞች በክታብ ውስጥም ደጋግመው ይገኛሉ። ምንጫቸው ሳቶር፣ አሬፖ፣ ቴኔት፣ ኦፔራ፣ ሮታስ የሚለው የላቲን ጽሑፍ መሆኑን ተመራማሪዎች አሳይተዋል። ይህ ጽሑፍ እ.ኤ.አ. በ79 በእሳተ ገሞራ በተቀበረችው በፖምፔይ ከተማ ግድግዳ ላይ ተገኝቷል። አምስቱ ቃላት እያንዳንዳቸው አምስት ፊደል ስላላቸው አንዱ ከሌላው ሥር ሲጻፉ እኩል ጎን ያለው አራት ማዕዘን ይሠራሉ። ከግራ ወደ ቀኝ፣ ከቀኝ ወደ ግራ፣ ከላይ ወደ ታች ወይም ከታች ወደ ላይ ቢነበቡም ያው ናቸው። የላቲኑ ጥበብ እንግዲህ የዓይን ጥበብ ነበር።

ቃላቱ በግብፅና በኑቢያ በተገኙ የቅብጥ ጽሑፎች ውስጥም አሉ፤ በኑቢያም እንደ እኛው አገር የቅንዋት ስሞች ሆነዋል። ወደ ግእዝ ሲደርሱ ግን አራት ማዕዘኑ ጠፋ። የላቲን ፊደል ተነባቢንና አናባቢን ለየብቻ ሲጽፍ፣ የግእዝ ፊደል ሁለቱን በአንድ ምልክት አጣምሮ ይጽፋል። ስለዚህ «ሳዶር» በሦስት ፊደል ይጻፋል፤ ከመጨረሻው ወደ መጀመሪያው ቢነበብ «ርዶሳ» ይሆናል እንጂ «ሮዳስ» አይሆንም።

ድምፆቹ ተነጣጥለው ሲታዩ ግን ውጤቱ ሌላ ነው። «ሳዶር» የስ፣ የአ፣ የድ፣ የኦ እና የር ድምፆች ቅንብር ነው። እነዚህ ድምፆች በተገላቢጦሽ ሲደረደሩ ር፣ ኦ፣ ድ፣ አ፣ ስ ይሆናሉ፤ ሲጣመሩም «ሮዳስ» ይሰጣሉ። «ት» ወደ «ድ» ቢለወጥም በሁለቱም ቃላት በእኩል ስለ ተለወጠ ዝምድናቸው አልፈረሰም። ሁለቱ ድምፆች በአንድ የአፍ ክፍል የሚፈጠሩና በጉሮሮ ንዝረት ብቻ የሚለያዩ በመሆናቸው ለውጡ እንግዳ አይደለም። ሌሎቹ ሦስት ቃላት ግን ይህን ሥርዓት አልጠበቁም፤ «አላዶር» ከ«ሳዶር» ጋር ቤት መምታቱም ቃላቱ በአፍ ተከታትለው ይባሉ እንደ ነበር ያመለክታል። በዓይን የማይታየው ቅርጽ ከፊሉ በጆሮ ተጠብቆ ቆየ ማለት ነው።

ፊደላችን ሁሉንም ድምፅ አይመዘግብም። የሚጠብቀውን ከሚላላው አይለይም፤ ሳድሱ ፊደል አናባቢ ይኑረው አይኑረውም አያሳይም። በተለመደ ቃል ይህን ጉድለት የአንባቢው የቋንቋ ዕውቀት ይሞላዋል። ትርጉሙ በማይታወቅ ስም ላይ ግን ጉድለቱን የሚሞላው ከመምህር ወደ ደቀ መዝሙር የሚተላለፈው አነባበብ ብቻ ነው። ብራናው በቤተ መዛግብት ቢጠበቅም አነባበቡ ከአዋቂዎቹ ጋር ከጠፋ የጽሑፉ እኩሌታ ይጠፋል።

ከዚህ ሁለት ተግባራዊ ምክሮች ይከተላሉ። አንደኛ፣ ክታብ ሲገለበጥ ወይም በኮምፒዩተር ሲመዘገብ የአስማቱ አጻጻፍ «መታረም» የለበትም። «ሰ» እና «ሠ»፣ «አ» እና «ዐ» መለዋወጣቸው እንኳ ጸሐፊው በጆሮው የሰማውን እንደ ጻፈ ሊጠቁም ስለሚችል እንዳለ ይቀመጥ። ሁለተኛ፣ ማንበብ የሚችሉ ሊቃውንት በሚገኙበት ሁሉ፣ በፈቃዳቸው ድምፃቸው ከብራናው ምስል ጋር አብሮ ይቀረጽ። ዛሬ ትርጉም የለሽ የሚመስለን ስም፣ እንደ ሳዶር ሁሉ፣ ምንጩን የሚነግረን በአፍ ሲባል ሊሆን ይችላል።